የትኖራ

ከማርቆስ ስንወጣ ገና ሳይነጋ፣
ማኅበሩ ከፍሎልን የግማሽ ቀን ዋጋ፣
ሃያ ሁለት ጡረተኛ ባንድ ቅጥቅጥ ታጭቀን፣
ያስመለሰን እንደሁ ብለን ፌስታል ሰንቀን፤
ማይኩ አንዴ ጮኸ፣ አንዴ ደግሞ ጠፋ፣
አስጎብኝዋ በጥፊ ብትለው ድምጿ ሰፋ፦
«ባንቺአምላክ እባላለሁ፤ ዛሬ ላሳያችሁ
ስንት ጊዜ ያለፋችሁትን ዐይን ከድናችሁ።»

ባንቺአምላክ… ባንቺአምላክ… ስሙ እንግዳ አይደለም፤
ሠላሳ ዓመት ስም የጠራ የሚለየው የለም።
እኔ የጂኦግራፊው መምህር ይበልጣል፣
ዛሬም ስስል ከደረቴ ጠመኔ ይወጣል፤
ዓባይን ስንት ሺህ ጊዜ ሰሌዳ ላይ ሥዬ
ዳር ቆሜ አላየሁትም፣ ነገ አያለሁ ብዬ።

ሉማሜን አለፍን፣ ጤፉ ገና ለጋ፤
የትኖራ ላይ ደረስን ጉም ከፊት ሲዘረጋ።
አስጎብኝዋ ሳቀች፣ ከተማዋን ስትጠራ፦
«የት ኖራ? የት ኖራ?
ታገኙታላችሁ፣ ታች ነው የሱ ተራ።»
እኔ ግን ሌላ ነው የሰማሁት ነገር፤
የት ኖራ ይህች ልጅ? ከየትኛው መንደር፣
ከየትኛው ክፍል፣ ከየትኛው ወንበር?

ከደጀን ስንወርድ ጆሯችን ተደፈነ፤
ካፖርቱ ወለቀ፣ ብርዱ ላብ ሆነ።
ዝንጀሮ ከጠርዙ ላይ እንደ ኬላ ሹም፣
ቆሎ ካልተቀረጠ መንገድ አይሰጥም።
ወይዘሮ ጥሩዓለም ዐይኗን ጨፍና ታማትባለች፣
«ጥምዝምዙ አለቀ?» እያለች፣ እያለች።

«ላይኛው ጥቁር ድንጋይ፣ እሳት የተፋው፤
ነጣ ያለው ኖራ፣ ባሕር የደፋው፤
ከሥሩ ጀሶ አለ፤ ጠመኔ ከሱ ነው፤
ታችኛው ቀይ አሸዋ፣ የጥንት ወንዝ የተወው…»
እጇ ካናት ተነሥቶ ቁልቁል ወረደ፤
ስንት ሚሊዮን ዓመት ባንድ ጣት ተናደ።

ጠመኔ ከሱ ነው! ሠላሳ ዓመት ሙሉ
በገዛ አጥንቱ ነው የተጻፈው ገደሉ፤
ዳስተር ሳሳርፍበት ብን የሚለው ሁሉ
እርሱው ነበር ለካ፣ እጄ ላይ መዋሉ።

«አሥራ አምስት ደቂቃ!» አለ ምኒችል ሾፌሩ።
ፎቶ የሚነሡት ወደ ዳር ሲያመሩ
ዘቡ ከወዲያ አፏጨ፤ ድልድይ አይነሣም ነው ነገሩ።
ዓባይ ከሥር ይሄዳል። ሰማያዊ አይደለም።
የተቆላ ተልባ፣ የአተላ ቀለም፤
የሰውን እርሻ ተሸክሞ፣ ዝም ብሎ፣
ያለ አንዳች ይቅርታ ያልፋል ተንከባሎ።

ያን ጊዜ መጣልኝ።

ሰባተኛ ቢ፣ መስኮቱ ሥር፣ ሦስተኛው ረድፍ፤
የቤት ሥራው ካርታ፣ ዓባይ ጎጃምን ከቦ ሲያልፍ፤
አንዲት ልጅ ወንዙን በቡኒ ቀባችው፣
ቀይ እስክርቢቶዬ ዳር እስከ ዳር ቀጣችው፦
«ወንዝ ሰማያዊ ነው።» ከአሥር ሦስት ሰጠኋት።
«ቲቸር፣ ቤታችን እኮ ዳሩ ላይ ነው» ስትል
ተቀመጪ አልኳት።

ከአጠገቤ ቆመች። «ቲቸር፣ ፀሐዩ በረታ፣
ጥላው ጋ ይሁኑ» አለች፣ ክንዴን ይዛ በዝግታ።
ታውቀኝ ኖሯል፣ ገና ከማርቆስ ስትነሣ፤
አውቃም ዝም ብላለች፣ ሦስቱን ከአሥር ሳታነሣ።
አፌን ስከፍት ጡሩምባውን ነፋ ምኒችል፤
ተንጠላጥለን ገባን፣ እንደምንም፣ እንደምንችል።

ዳገቱ ላይ ሁሉም ተኛ። ጥሩዓለም ታንኮራፋለች።
ልጅቷ ማይኩን አጥፍታ ወረቀት ታድላለች።
ጉሙ ተገልጦ የትኖራ ዳግመኛ ስትመጣ
ፀሐይ ቆርቆሮው ላይ ነበረች፤ ዐይኔ ውኃ አወጣ፤
ከፀሐዩ ይሁን ከምን፣ እኔም አልጠየቅኩ።
መነጽሬን ጠርጌ ወረቀቷን አነበብኩ፦

«ለአስጎብኝዋ ከአሥር ስንት ይሰጣሉ?» ይላል።
እስክርቢቶ ፍለጋ ሰው ኪሱን ይዳብሳል፤
ያንዱ ቀለም ደርቆ፣ የሌላው ተውሶ ዞረ።
የኔን ከደረት ኪሴ አወጣሁ።
ሰማያዊ ነበረ።